በሦስት ሩፒ የመነነው ልጅ፦ ከማዱራይ እስከ አሩናቻላ

ቅዳሜ፣ ማዱራይ

የመመረቂያ ጽሑፌ ገምጋሚዎች እጅ ከገባ አራት ወር ሆነው። በየሳምንቱ ቢሮ እሄዳለሁ፤ «የሚቀጥለው ሳምንት ብቅ በል» እባላለሁ። እናቴ ደግሞ ማታ ማታ ትደውላለች። «መቼ ነው የምትመጣው?» አገሬን ካየሁ ሦስት ዓመት ሊሞላኝ ነው። ለሷም የምሰጠው መልስ የለኝም። ቼናይ ቁጭ ብሎ መጠበቁ ሲያንገሸግሸኝ ትናንት ማታ ባቡር ተሳፍሬ ወደ ደቡብ ወረድኩ።

ለምን ማዱራይ? ቤት ያከራዩኝ ሽማግሌ ሳሎን ውስጥ አንድ ፎቶ ተሰቅሏል። ፀጉራቸው ባጭሩ የተከረከመ፣ ሽበት የወረሳቸው፣ ወገባቸው ላይ ቁራጭ ነጭ ጨርቅ ብቻ የታጠቁ ሰው ናቸው። በየጠዋቱ አዲስ የአበባ ጉንጉን ይደረግላቸዋል። አንድ ቀን ማን እንደሆኑ ጠየቅኩ። «ራማና ማሃርሺ» አሉኝ ሽማግሌው። ምን አስተማሩ? ትንሽ አሰቡና «አብዛኛውን ጊዜ ዝም ይሉ ነበር» አሉኝ። ሕንድ አገር ጉሩ፣ መንፈሳዊ መምህር፣ ሞልቷል። ድምፅ ማጉያ ያለው አለ፣ የራሱ ቴሌቪዥን ጣቢያ ያለው አለ። ዝም በማለት የታወቀ ጉሩ ግን ለኔ አዲስ ነው። ስለዚህ በልጅነታቸው ከቤት የጠፉበትን መንገድ ተከትዬ ልሄድ ወሰንኩ።

ያኔ ስሙ ቬንካታራማን ነበር። የማወራው ስለ አሥራ ስድስት ዓመት ጎረምሳ ስለሆነ ለጊዜው «እሱ» እያልኩ ልቀጥል። አንቱ የሚባልበት ቀን ይመጣል። ዓመተ ምሕረቱንም በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

ዲሴምበር 30 ቀን 1879 ቲሩቹሊ በምትባል ትንሽ ከተማ ተወለደ። አባቱ ነገረ ፈጅ ነበር። በ1892 አባትየው ሲሞት ቤቱ ተበተነ። እሱና ታላቅ ወንድሙ ማዱራይ አጎታቸው ዘንድ ገቡ፤ እናቱ ታናናሾቹን ይዛ ሌላ ዘመድ ጋ ቀረች። ልጁን የአሜሪካ ሚሲዮኖች ትምህርት ቤት አስገቡት። ኳስ ይወዳል። ትምህርቱ ላይ እምብዛም ነው። እንቅልፉ ግን ጉድ ነው፤ ጓደኞቹ ተኝቶ ሲደበድቡት እንኳ አይነቃም ነበር ይባላል።

የአጎቱ ቤት ዛሬም አለ፤ የጸሎት ቤት ሆኗል። ከሚናክሺ ቤተ መቅደስ ብዙም አይርቅም። ጨርቅ ሻጩንና አበባ ሻጩን አልፌ ገባሁ። ጫማ ውጭ ይወልቃል፤ እሱ ለኛ ሰው አዲስ አይደለም። ክፍሏ ትንሽ ናት። ፎቶ፣ ኩራዝ፣ ቀዝቃዛ ወለል። ሁለት አሮጊቶች ግድግዳ ተደግፈው ዓይናቸውን ጨፍነዋል።

ነገሩ የሆነው በጁላይ 1896 ነው። ልጁ ብቻውን ተቀምጧል። ደህና ነው፣ አላመመውም። ድንገት «ልሞት ነው» የሚል ፍርሃት ያዘው። ሌላው ቢሆን ይጮህ ነበር። እሱ ግን ወለሉ ላይ ተጋደመ። እጅና እግሩን እንደ ሬሳ አደረቀ፣ ከንፈሩን ገጠመ፣ ትንፋሹን ያዘ። እሺ፣ ይሄ ሰውነት ሞተ እንበል፤ ተሸክመው ወስደው ያቃጥሉታል። ታዲያ «እኔ» የሚለው ነገርም አብሮ ሞተ? ብሎ ራሱን ጠየቀ። አልሞተም ብሎ ተነሣ። የሞት ፍርሃትም እዚያው ወለል ላይ ቀረ። ኋላ ሲናገሩት እንደሰማነው ከሆነ ነገሩ ሁሉ ግማሽ ሰዓት እንኳ አልፈጀም።

ከዚያ ወዲያ ኳሱም ጓደኛውም አላማረውም። ማታ ማታ ሚናክሺ ቤተ መቅደስ እየሄደ ምስሎቹ ፊት ቆሞ ያለቅስ ነበር። እኔም ማታ ሄድኩ። ጫማም ስልክም በር ላይ አስረክቤ ገባሁ። ትንሽ እንደሄድኩ ሂንዱ ያልሆነ ከዚህ አያልፍም የሚል ጽሑፍ አገኘሁ። ቅር አላለኝም። አዳራሹ ውስጥ ዓምዶቹን እያየሁ፣ ከበሮውን እየሰማሁ አመሸሁ።

እሑድ፣ ከማዱራይ ቲሩቫናማላይ

ዛሬ የልጁን ባቡር መስመር ያዝኩ።

ኦገስት 29 ቀን 1896 ነው። የእንግሊዝኛ ሰዋስው ባለማጥናቱ ትምህርቱን ሦስት ጊዜ እንዲገለብጥ ተቀጥቷል። ሁለት ጊዜ ገለበጠ። በሦስተኛው ላይ ደብተሩን ገፋ አድርጎ፣ እግሩን አጣጥፎ ዓይኑን ጨፈነ። ታላቅ ወንድሙ አየውና «ለእንዲህ ያለ ሰው ይሄ ሁሉ ምን ያደርግለታል?» አለው። ተግሣጽ መሆኑ ነው። ልጁ ግን «እውነቱን እኮ ነው» ብሎ ተቀበለው። ትርፍ ክፍለ ጊዜ አለኝ ብሎ ተነሣ። ወንድምዬው «እግረ መንገድህን ከሣጥኑ አምስት ሩፒ ወስደህ የኮሌጅ ክፍያዬን ክፈልልኝ» አለው። በገዛ እጁ የመንገድ ስንቅ ሰጠው ማለት ነው።

ልጁ አሮጌ የካርታ መጽሐፍ ገልጦ አየ። ሊሄድ ያሰበው ቲሩቫናማላይ ከተማ ወዳለው የአሩናቻላ ተራራ ነው፤ ለሱ የምትቀርበው የባቡር ጣቢያ ቲንዲቫናም መሰለችው። ካርታው አሮጌ ስለሆነ ቲሩቫናማላይ ድረስ የተዘረጋው አዲሱ ሐዲድ የለበትም። ሦስት ሩፒ ይበቃኛል ብሎ አሰላ። ሦስቱን ወሰደ፣ ሁለቱን ከአንዲት ብጣሽ ወረቀት ጋር ተወ። ወረቀቷ ላይ አባቱን ፍለጋ፣ በአባቱ ትእዛዝ እንደሄደ ጻፈ። አባቴ የሚለው የሂንዱዎቹን አምላክ ሺቫን ነው። ማንም እንዳያዝን፣ እሱን ለመፈለግም ገንዘብ እንዳይወጣ አሳሰበ። ከታች ለወንድሙ፦ ያንተ ክፍያ አልተከፈለም፤ ሁለት ሩፒ እዚህ አለልህ። ወረቀቷ «እኔ» ብላ ትጀምራለች፣ መሃል ላይ «ይህ» ትላለች፣ የፊርማው ቦታ ላይ ሰረዝ ብቻ ነው ያለው።

ባቡር ውስጥ ተቀምጬ ሳስበው የቆየሁት እቺን ሁለት ሩፒ ነው። የሚጠፋ ሰው መልስ ይተዋል? ለወንድሙ ሒሳብ አወራረደ። ለእናቱ ግን አንድ መስመር እንኳ አልጻፈም። «ማንም አይዘን» ሲል እሷንም ማለቱ ይሆናል።

ለቲንዲቫናም ቲኬት ሁለት ሩፒ ከ13 አና ከፈለ። አንድ ሩፒ 16 አና ነው፤ እጁ ላይ ሦስት አና ቀረችው። ባቡር ውስጥ አንድ ሙስሊም ሽማግሌ ቪሉፑራም ላይ መቀየር እንዳለበት ነገሩት። ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ቪሉፑራም ወረደ። በቀረችው ሳንቲም ማምባላፓቱ ድረስ ሄዶ ከዚያ ወዲያ በእግሩ ነካው።

እኔ ቪሉፑራም የወረድኩት በጠራራ ፀሐይ ነው። የመጋቢት ሙቀት የታሚል ናዱን አስፋልት ያቀልጣል። ቲሩኮይሉር ድረስ በአውቶቡስ፣ እዚያ ደግሞ በባጃጅ። እዚህ ባጃጅ ብትል የሚሰማህ የለም፤ «አውቶ» ነው የሚሉት። ስሙን ለኛ ልከው ለራሳቸው ረስተውታል።

ልጁ እዚህ ሲደርስ ርቦት ነበር። አለት ላይ በተሠራው በአራያኒናሉር ቤተ መቅደስ አመሸ። ከዚያ ካህናቱን ተከትሎ ኪሉር ወደሚባለው ሌላ መቅደስ ሄደ። ከበሮ መቺው ድርሻውን ሩዝ ሰጠው። ውኃ ፍለጋ ሲሄድ ራሱን ስቶ ወደቀ፣ ሩዙም ተበተነ። ሲነቃ ከመሬት ላይ ለቅሞ በላ። በማግስቱ የአንድ ሰው ቤት አንኳኳ። ቀኑ የክሪሽና ልደት ነበርና ሴትየዋ ጠግቦ እስኪተርፈው አበላችው። የጆሮውን የወርቅ ጉትቻ አራት ሩፒ አስይዞ ተበደረ። ጉትቻውን መልሶ የሚወስድበትን አድራሻ ጻፉለት። ከቤቱ ሲወጣ ወረቀቱን ቀደደው።

የተራብኩት እኔ ብቻ አይደለሁም ብዬ ዶሳዬን በላሁና በመጨረሻው አውቶቡስ ቲሩቫናማላይ ገባሁ።

ሰኞ፣ ቲሩቫናማላይ

ጠዋት መስኮት ስከፍት ተራራው አፍንጫዬ ላይ ቆሟል። ስምንት መቶ ሜትር እንኳ ብዙም አያልፍም። ስሜንን ላየ ሰው ጉብታ ነው። እዚህ ግን የሚመለከው ተራራው ራሱ ነው፤ ሺቫ መጨረሻ የሌለው የእሳት ዓምድ ሆኖ የቆመበት ነው ይላሉ። በኅዳር ገደማ በሚውለው የካርቲካይ በዓል ጫፉ ላይ ትልቅ እሳት ይለኮሳል። ራማና ጉሩህ ማን ነው ሲባሉ መልሳቸው ይኸው ተራራ ነበር።

ልጁ ሴፕቴምበር 1 ቀን 1896 ከባቡር ወርዶ በቀጥታ ትልቁ መቅደስ ገባ። «አባቴ፣ መጣሁ» አለ። ሲወጣ ራሱን ተላጨ፣ የቀረችውን ሳንቲም ኩሬ ውስጥ ወረወረ፣ ልብሱን ቀድዶ ቁራጭ ጨርቅ ታጠቀ፣ ብራህማን፣ የካህናት ወገን፣ መሆኑን የሚናገረውን ክር ከትከሻው አውልቆ ጣለ። ከዚያ ቀን ጀምሮ እስኪሞት ከዚህ ተራራ ሥር አልተለየም።

መቅደሱ ሰፊ ነው። የምሥራቁ በር ግንብ 66 ሜትር ይረዝማል፣ አሥራ አንድ ደርብ ነው። ባለ ሺህ ዓምዱ አዳራሽ ሥር ደረጃ የሚወርድበት ጓዳ አለ፤ ፓታላ ሊንጋም ይሉታል። ልጁ መጀመሪያ አዳራሹ ውስጥ ዓይኑን ጨፍኖ ተቀመጠ። የሰፈር ልጆች እብድ ነው ብለው ድንጋይ ወረወሩበት። ሽሽት ወደ ጓዳው ወረደ። ፀሐይ የማይገባበት ነው። ጉንዳንና ተባይ ጭኑን በላው፣ ቁስሉ መግል ቋጠረ። አላወቀም። በመጨረሻ ሰዎች ወርደው ተሸክመው አወጡት፤ ያን ጊዜም ዓይኑን አልገለጠም። ጠባሳው ዕድሜ ልኩን አብሮት ኖረ።

ዛሬ ጓዳው ተጠርጎ መብራት ገብቶለታል። ከፊቴ አንዲት እናት ልጇን እጁን ይዛ ደረጃውን ታስወርዳለች። «ቀስ» ትለዋለች በታሚልኛ። ከምችላቸው አሥር ቃላት አንዷ እሷ ናት።

ማታ እናቴ ደወለች።

«የት ነህ?»

«ገዳም ነገር መጥቼ ነው፣ እማዬ።»

«የምን ገዳም? ጣዖት ቤት ነው?»

«ባህታዊ የኖሩበት ተራራ ነው።»

ትንሽ ዝም አለች። «ሁዳዴ መሆኑን አልረሳህም አይደል?»

«እዚህ ሥጋም እንቁላልም የለም፤ ሁሉም አትክልት ነው።»

«ቅቤውስ? አሬራውስ?»

እንደ ማሃርሺ ዝም አልኩ።

ማክሰኞ፣ ዋሻዎቹ

በማሃርሺ ስም ከቆመው ገዳም፣ ከአሽራሙ፣ ጀርባ ሽቅብ የሚወጣ የድንጋይ መንገድ አለ። ግማሽ ሰዓት ያህል ነው። ጦጣዎች ግራና ቀኝ ተደርድረው ቦርሳህን ይፈትሻሉ። አንዷ ሙዜን ከእጄ ነጥቃ እዚያው ፊቴ ላጠችው።

መንገዱ ስካንዳሽራም ያደርሳል። ምንጭ አለው፣ የኮኮናት ዛፍ አለው። ቁልቁል ሲታይ መቅደሱ ከነአራት ግንቦቹ እንደ አሻንጉሊት ተዘርግቷል። ከሱ ዝቅ ብሎ ቪሩፓክሻ ዋሻ አለ። ከ1899 እስከ 1916 ዋሻው ውስጥ፣ ከዚያ እስከ 1922 ስካንዳሽራም ኖሩ።

አንቱ ማለት የጀመርኩት እዚህ ላይ ነው። «ማሃርሺ» የሚለውን ስም ያወጣላቸው ጋናፓቲ ሙኒ የሚባል የሳንስክሪት ሊቅ ነው፤ በ1907። ቬንካታራማን የሚለውን ረዥም ስም «ራማና» ብሎ አሳጠረው። ከዚያ በፊት አንድ የመንግሥት ጸሐፊ በ1902 አካባቢ መጥቶ «እኔ ማን ነኝ?» ብሎ ጠይቋቸዋል። ስለማይናገሩ መልሱን በጽሑፍ ሰጡት። ሰውነቴ አይደለሁም፣ ሐሳቤም አይደለሁም፤ «እኔ» የሚለው ሐሳብ ከየት እንደሚነሣ ተከታተል። ትምህርታቸው በሙሉ ከዚህ ብዙ አይርቅም። ማንንም አላጠመቁም፣ ማንንም ደቀ መዝሙሬ ብለው አልመዘገቡም።

እኔን ግን የያዘኝ ሌላ ነው፤ አላጋማል፣ እናታቸው።

ልጇ ያለበትን ከሰማች በኋላ በ1898 መጨረሻ ታላቅ ልጇን አስከትላ መጣች። ልጇ ከተራራው ሥር ካለች ኮረብታ ላይ ተቀምጧል። ፀጉሩ ተንጨባሯል፣ ጥፍሩ ረዝሟል፣ ሰውነቱ አድፏል። ቤት እንግባ አለችው። መልስ የለም። በማግስቱ ጣፋጭ ይዛ መጣች። መልስ የለም። ቀን በቀን እየመጣች አለቀሰች። አንድ ቀን እዚያ የነበሩ ሰዎች አላስችል ብሏቸው «ካልተናገርክ ቢያንስ ጻፍላት እንጂ» አሉት። እርሳስና ወረቀት ሰጡት። የጻፈው ሐሳብ ይሄ ነው፦ ለሰው የተጻፈለትን የሚያስፈጽም አለ፤ የማይሆነው ቢለፉበትም አይሆንም፣ የሚሆነው ቢያግዱትም አይቀርም፤ ስለዚህ የሚሻለው ዝም ማለት ነው።

እናት ይሄን ወረቀት ይዛ ወደ ቤቷ ተመለሰች።

ዋሻው ውስጥ ለረዥም ጊዜ ተቀመጥኩ። ሞቃትና ጨለማ ነው። የሚሰማው የሰው ትንፋሽ ብቻ ነው። አጠገቤ ያሉት ሁሉ ተመስጠዋል፤ እኔ ግን ተናድጃለሁ። እንዲህ ያለውን ነገር በኛም ገድል ሰምቼዋለሁ። ልጁ መነነ፣ ደስ ይላል። እናትየው መንገድ ላይ ምን አሰበች? ያንን የሚተርክልኝ አላገኘሁም።

ደግነቱ ታሪኩ እዚያ አያልቅም። በ1914 ልትጠይቃቸው መጥታ በኃይለኛ ትኩሳት ወደቀች። «የሚሆነው አይቀርም» ብሎ የጻፈላት ልጅ ያኔ ምን አደረገ? እንዲያድንላቸው ለተራራው የልመና ግጥም ጻፉ! ዳነች። በ1916 ጠቅልላ መጣች። ያን ጊዜ ዋሻው ውስጥ ምግብ አይበሰልም ነበር፤ የሚበላው በልመና የተገኘው ነው። እሷ ምጣዷን ጣደች። ወግ አጥባቂ ብራህማን ስለነበረች ሽንኩርት አትነካም። እሳቸው ደግሞ ያሾፉባታል፦ «ሽንኩርቷን ተጠንቀቂያት! ለመዳን ትልቅ እንቅፋት ናት!» ይሏት ነበር። ስካንዳሽራም ውስጥ እሷ የነበረችበትን ክፍል አሳዩኝ። ጠባብ ናት። ሁለት ሰው ተጣቦ የሚያድርባት ዓይነት።

ሜይ 19 ቀን 1922 አረፈች። ቀኑን ሙሉ አንድ እጃቸውን ደረቷ ላይ፣ አንዱን ራሷ ላይ አድርገው አጠገቧ ተቀምጠው ዋሉ። እንደ ሌላው ሰው ሬሳዋ አልተቃጠለም፤ ነፃ የወጣች ናት ተብሎ ከተራራው ግርጌ ተቀበረች። እሳቸው ከላይ እየወረዱ መቃብሯን ይጎበኙ ነበር። ጥቂት ወራት ቆይተው አንድ ቀን ወረዱና አልተመለሱም። ዛሬ ከዓለም ሰው የሚጎርፍበት አሽራም የተተከለው በዚህ መቃብር ዙሪያ ነው።

ቁልቁል ስወርድ ንዴቴ በርዶልኛል። ሙሉ በሙሉ ግን አይደለም።

ረቡዕ፣ አሽራሙና የጨረቃዋ ሌሊት

ምሳ መሬት ላይ ነው። ሁሉም እግሩን አጣጥፎ ይደረደራል፤ ፊትህ ቅጠል ይዘረጋል። ውኃ ረጨት አድርገህ በእጅህ ታብሰዋለህ። ባልዲ ያንጠለጠሉ ሰዎች በሩጫ ይመጣሉ፤ ሩዝ ጣል፣ ሳምባር ጠብ፣ ቀጣይ። ሳምባሩ ውስጥ የሽፈራው ፍሬ አለ፣ እንጨት የመሰለው። ማኘክ ስጀምር ጎረቤቴ ሳቁና በጥርሴ ጭምቅ አድርጌ ልጣጩን እንድተወው አሳዩኝ። በመጨረሻ አሬራ መጣ። እናቴን አሰብኩና እጄን ቅጠሉ ላይ ጋረድኩ።

ማሃርሺ ራሳቸው ጎህ ሳይቀድ ወጥ ቤት ገብተው አትክልት ይከትፉ ነበር። ለሌላው ያልደረሰ ነገር ለሳቸው ብቻ ከቀረበ አይበሉም። አሽራሙ ግቢ ውስጥ የላም መቃብር አለ፤ ላክሽሚ የምትባል፣ በ1948 የሞተች። አጠገቧ የውሻ፣ የቁራና የአጋዘን መቃብር። በ1924 ሌቦች ሌሊት መጥተው ጭናቸውን በዱላ ሲመቱ «ካልበቃህ ሌላውንም ምታ» ብለዋል። ሰዎቻቸውን ግን እንዳይማቱ ከለከሉ።

የሞቱባት ክፍል ጠባብ ናት። በ1948 ግራ ክንዳቸው ላይ እባጭ ወጣ፤ ካንሰር ነበር። አራት ጊዜ ቀዶ ሕክምና ተደረገላቸው። አትሂዱብን ብለው ለሚያለቅሱት «የት ልሄድ እችላለሁ? እዚሁ ነኝ» አሉ። ኤፕሪል 14 ቀን 1950፣ ከምሽቱ 2፡47 አረፉ። በዚያች ደቂቃ ሰማዩ ላይ ደማቅ ተወርዋሪ ኮከብ ወደ ተራራው ሲያልፍ ብዙዎች አይተዋል። ካዩት አንዱ እዚያ የነበረው ፈረንሳዊው ፎቶ አንሺ ኦንሪ ካርቲየ ብሬሶን ነው።

ማታ ጨረቃ ሞላች። ተራራውን በባዶ እግር መዞር ጀመርን፤ 14 ኪሎ ሜትር ነው። መንገዱ ለመኪና ተዘግቷል፣ የሰው ጎርፍ ነው። የጥምቀት ጃን ሜዳን የሚያክል ሕዝብ ሳይቆም ሲራመድ አስበው። ጠጠር፣ የፈሰሰ ሻይ፣ የደረቀ አበባ፤ ሁሉንም በእግርህ ትለየዋለህ። የዘጠኝ ወር እርጉዝ ንግሥት እንደምትሄደው ተራመድ ይላል ወጉ። ለሦስት ኪሎ ሜትር እንደ ንግሥት ሄድኩ። ከዚያ ወዲያ እንደ አንካሳ።

ሐሙስ፣ ወደ ቼናይ

እግሬ ውኃ ቋጥሯል። ሰንደሌ ውስጥ አልገባ ስላለኝ አውቶቡስ ላይ የወጣሁት በባዶ እግሬ ነው።

እናቴ ደወለች። የልጁን ታሪክ ከሥር ጀምሬ አወራሁላት። ሦስት ሩፒ ወስዶ ሁለት እንደተወ ስነግራት «የታመነ ልጅ» አለች። ዋሻው ላይ ስደርስ አላስጨረሰችኝም።

«እናቱስ?»

ልቅሶውን ነገርኳት፤ ወረቀቷንም። መስመሩ የተቆረጠ እስኪመስለኝ ዝም አለች። ከዚያ እንደመጣች፣ እንዳበሰለችለት ነገርኳት። ስለ ሽንኩርቱ ስሰማ እንደሳቅኩት ሳቀች።

«ሽንኩርት ሳይገባበት ደሞ ምን ወጥ ይባላል!»

ቀጥላ የምትጠይቀኝን አውቄዋለሁ። ጊንጂ ጋ፣ ከድሮው ምሽግ ሥር፣ ኔትወርኩ ጠፋ።

ስልኩ እንደገና ሲጮህ ልጁ ቲኬት ቆርጦ ያልደረሰባት ቲንዲቫናም ገብተናል።